ባጊያ ኩርሽም የሚለው በውሃው ልክ ነው

የዛሬው ትምህርታችን ስለ ባጊያ አሠራር ነው። ጥራጥሬ ተፈጭቶ፣ ከአትክልትና ከቅመም ጋር ተለውሶ፣ በጋለ ዘይት የሚጠበሰውን ማለታችን ነው። በድሬዳዋና በሐረር አመሻሽ ላይ መንገድ ዳር እየተጠበሰ በዳጣ ይበላል፤ በረመዳንም ለማፍጠሪያ ከሳምቡሳው ጎን ይቀርባል። ዘመዶቹ ብዙ ናቸው። ግብፆች ከባቄላ ክክ ጣዕሚያ ይሠራሉ። በሊባኖስ፣ በሶርያ፣ በፍልስጤምና በእስራኤል ከሽምብራ የሚሠራው ፈላፍል የዕለት ምግብ ነው፤ በእስራኤልና በባሕረ ሰላጤው አገሮች ያላችሁ አድማጮቻችንም ደጋግማችሁ የቀመሳችሁት ነው። ናይጄሪያዎች አካራ የሚሉትን የሚሠሩት መሃሏ ላይ ጥቁር ነጥብ ካላት ነጭ ጥራጥሬ ነው። ሕንዶች ደግሞ ሽንኩርቱንና ድንቹን በሽምብራ ዱቄት ለውሰው ፓኮራ ያወጣሉ። ቋንቋቸውም ቅመማቸውም የተለያየ ነው፤ በአንድ ነገር ግን ሁሉም ይስማማሉ። ጥራጥሬውን ከመጥበሳቸው በፊት አይቀቅሉትም።

በየቤቱ የሚሰማው ስሞታ ግን ተመሳሳይ ነው። ባጊያው ዘይት ውስጥ ይበተናል፣ ወይም ዘይቱን ጠጥቶ ይወጣል፣ ወይም ከውጭ ጠቁሮ መሃሉ ሊጥ ይሆናል። ያን ጊዜ የሚወሰደው መፍትሔ የስንዴ ዱቄት መጨመር ነው፤ አሁንም ካልያዘ እንቁላል ይሰበርበታል። ዱቄቱ ሲበዛ ባጊያው ዳቦ ዳቦ ይላል፤ እንቁላሉ ሲገባ ደግሞ የጾም ምግብነቱ ይቀራል። ዛሬ ላስረዳችሁ የምፈልገው፣ ከእነዚህ ችግሮች አብዛኞቹ የሚመጡት ከአንድ ምንጭ፣ ከውሃ መሆኑን ነው። ውሃው የት እንደገባ፣ ስንት እንደሆነና በምን ፍጥነት እንደወጣ የተቆጣጠረ ሰው ዱቄትም እንቁላልም ሳያስፈልገው ኩርሽም የሚል ባጊያ ያወጣል።

ከመቀቀሉ እንጀምር። ሽምብራም ሆነ ባቄላ ውስጡ በጥቃቅን ሕዋሳት የተሞላ ነው፤ በየሕዋሱ ውስጥም ስታርችና ፕሮቲን ተቀምጧል። ስታርች ውሃ ባለበት ከ60 እስከ 75 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ገደማ ሲሞቅ ውሃውን መጥጦ ያብጣል፣ ይወፍራል፣ የነካውንም ያያይዛል። ይህ የማያያዝ ኃይል በአንድ ጊዜ የሚያልቅ ነው። ጥራጥሬውን ስንቀቅል ስታርቹ እዚያው ሕዋሱ ውስጥ እንዳለ አብጦ ይረጋል፤ ሕዋሳቱን እርስ በርስ ያጣበቀው ነገር ደግሞ በሙቀቱ ይላላል። ስለዚህ የተቀቀለ ሽምብራ ሲደፈጠጥ ሕዋሳቱ ሳይሰበሩ ይለያያሉ እንጂ ስታርቹ ወደ ውጭ አይወጣም። እጃችን ላይ የሚቀረው ውሃ የጠገበ፣ ማያያዣ የሌለው ገንፎ ነው። ይህን ወደ ጋለ ዘይት ስንጥለው ውሃው በኃይል ተንኖ ለመውጣት ሲሞክር የሚገታው ነገር ስለማያገኝ ባጊያው ይበተናል። የተዘፈዘፈ ጥሬ ሽምብራ ግን ሲፈጭ ሕዋሱ ይሰበራል፣ ስታርቹና ፕሮቲኑ ይወጣል፤ የማያያዝ ሥራውንም የሚጀምረው ዘይት ውስጥ ነው። በውጭ አገር የምትኖሩም ከሱቅ የምትገዙት የቆርቆሮ ሽምብራ የተቀቀለ መሆኑን ልብ በሉ። ለሰላጣ ይሆናል፣ ለዚህ ሥራ ግን ደረቁን ግዙ።

አዘፋዘፉ ቀላል ነው፤ የሚጠይቀው አስቀድሞ ማሰብን ብቻ ነው። ለአንድ ቤተሰብ ግማሽ ኪሎ ደረቅ ሽምብራ ይበቃል፤ ውሃ ሲጠጣ ክብደቱ ወደ አንድ ኪሎ ይጠጋል። ድንጋዩንና የነቀዘውን ለቅማችሁ፣ አጥባችሁ፣ ከሽምብራው ሦስት እጥፍ በሚሆን ቀዝቃዛ ውሃ ከ12 እስከ 18 ሰዓት ዘፍዝፉት። ያበጠ መስሎ መሃሉ ደረቅ ሆኖ የሚቀር ፍሬ አለና ከመፍጨታችሁ በፊት አንዱን በጥፍራችሁ ለሁለት ክፈሉት። ከዳር እስከ መሃል አንድ ዓይነት ቀለም ከያዘ ደርሷል፤ መሃሉ ላይ ነጣ ያለ ደረቅ ነጥብ ካለ ጥቂት ሰዓት ይቆይ። እንደ ድሬዳዋ ባለ ሞቃት ቦታ ውሃውን ሁለት ሦስት ጊዜ መለወጥ ወይም ዕቃውን ፍሪጅ ውስጥ ማስቀመጥ ያስፈልጋል፤ አለዚያ መኮምጠጥ ይጀምራል። ጊዜ ለሚያጥራችሁ የባቄላ ክክ አለ። ግብፆች ጣዕሚያቸውን የሚሠሩት ከዚሁ ነው፤ ገለባ ስለሌለው ከአምስት እስከ ስድስት ሰዓት ይበቃዋል። እዚህ ላይ ግን አንድ ጥንቃቄ አለ። በየገበያችን የሚሸጠው ክክ አንዳንዱ ለሽሮ ታስቦ የታመሰ ነው። የታመሰ ክክ እሳት የነካው ስለሆነ እንደ ጥሬው አይያያዝም። ስትገዙ ሻጯን ጠይቁ፣ አሽትቱትም፤ የቆሎ ሽታ ካለው ለወጥ አውሉት።

አሁን ወደ ትልቁ ጥያቄ እንምጣ። ጥሬ ጥራጥሬ ፈጭቶ መጥበስ ሆድ አይጎዳም ወይ? ጥያቄው ተገቢ ነው፤ መልሱም እንደ ጥራጥሬው ይለያያል። ሽምብራና ባቄላ በሾርባ ማንኪያ ልክ ተድቦልቡለው ለአራትና ለአምስት ደቂቃ በጋለ ዘይት ሲጠበሱ መሃላቸው ድረስ ይበስላሉ፤ የግብፅ፣ የሊባኖስና የሶርያ ሕዝብ ለብዙ ትውልድ ሲበላው የኖረው በዚሁ መንገድ ነው። ሆድ የሚነፉት የስኳር ዓይነቶችም ከፊላቸው በመዘፍዘፊያው ውሃ ይወጣሉ፤ ስለዚህ ያ ውሃ ይደፋ እንጂ ለሊጡ አይዋል። ቦሎቄ ግን ከዚህ ሁሉ የተለየ ነው። በተለይ ቀዩ ቦሎቄ ጥሬውን ከባድ ትውከትና ተቅማጥ የሚያስከትል ሌክቲን የተባለ ፕሮቲን በብዛት ይዟል። ይህን ለማጥፋት ከተዘፈዘፈ በኋላ ውሃው ተለውጦ በደንብ እየተንተከተከ መፍላት አለበት፤ ለባሕር ጠለል አካባቢ የሚመከረው ትንሹ ጊዜ 10 ደቂቃ ሲሆን፣ 30 ደቂቃ ማፍላት ደግሞ አስተማማኝ ነው። አዲስ አበባ 2,400 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ስላለች ውሃ የሚፈላው በ100 ሳይሆን በ92 ዲግሪ አካባቢ ነው። ስለዚህ እኛ ደጋ ላይ ያለነው እስኪለሰልስ ድረስ መቀቀል ይገባናል። ቦሎቄ ለባጊያ አይሆንም፤ ይህን ያለ ማመንታት እናገራለሁ። ጓያም እንዲሁ ይቅር። አዘውትሮ በብዛት መብላቱ እግር እንደሚያሽመደምድ በአገራችን የታወቀ ነው። ባቄላን በተመለከተ ደግሞ ጂ6ፒዲ የተባለው ኤንዛይም በደማቸው ውስጥ የሚያንሳቸው ሰዎች አሉ፤ ባቄላ ሲበሉ ቀይ የደም ሕዋሳቸው ይፈርሳል። ሐኪም ይህን የነገራቸው ሰዎች ሽምብራውን ይያዙ።

መፍጨት ሲባል ማላም ማለት አይደለም። የተዘፈዘፈው ሽምብራ መጀመሪያ በወንፊት ይጥለል፤ ከዚያ በንጹሕ ፎጣ ላይ ተዘርግቶ ላዩ ይድረቅ። ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ነው። ብሌንደሩ አልዞር ሲል ውሃ ይጨመርበታል፤ በዚያች ቅጽበት ሥራው ሁሉ ይበላሻል። ውሃ ከመጨመር በጥቂት በጥቂቱ መፍጨት፣ በየመሃሉ እያቆሙ በማንኪያ ማገላበጥ ይሻላል። የስጋ መፍጫ ያለው ሰው ከብሌንደር የተሻለ ውጤት ያገኛል፤ ሙቀጫም ቢሆን ጉልበት ይጠይቃል እንጂ ሥራውን አሳምሮ ይሠራል። ልኩ ከቅንጬ የደቀቀ፣ ከሽሮ የሻከረ ነው። በእጅ ሲጨበጥ ተያይዞ ይቆያል፣ ሲዳሰስ ግን ቅንጣቱ ይታወቃል። እነዚያ ቅንጣቶች ባጊያው ሲጠበስ ላዩን ሸካራ ያደርጉታል፤ ሸካራው ላይ የወጣው ጫፍ ሁሉ ቀድሞ ይደርቃል፣ ጥርስ ሲያርፍበት ኩርሽም የሚለውም እሱ ነው። በጣም የላመ ሊጥ ግን ጥቅጥቅ ብሎ እንፋሎቱን አያስወጣም።

አትክልቱ ለጣዕምም ለጤናም ያስፈልጋል፤ ነገር ግን ሳናየው ውሃ የሚያስገባው ደግሞ እሱ ነው። ካሮት ከክብደቱ 88 በመቶው ውሃ ነው፤ ጥቅል ጎመን 92 በመቶ፣ ዝኩኒ ደግሞ 95 በመቶ ገደማ ነው። ግማሽ ኪሎ ጥቅል ጎመን ሊጡ ውስጥ ስንጨምር ሁለት ብርጭቆ ያህል ውሃ እየጨመርን ነው ማለት ነው። መፍትሔው አትክልቱን በቀጭኑ ከትፎ ወይም ፍቆ፣ አንድ የሻይ ማንኪያ ጨው ነስንሶ፣ ከ15 እስከ 20 ደቂቃ ማቆየት ነው። ጨው ውሃውን ወደ ውጭ ይስባል። ከዚያ በንጹሕ ጨርቅ ቋጥሮ አጥብቆ መጭመቅ። የሚወጣው ውሃ መጠን ለብዙዎች የሚያስገርም ነው፤ አይጣልም፣ ለወጥ ወይም ለሾርባ ይሆናል። ለግማሽ ኪሎ ደረቅ ሽምብራ ከተጨመቀ በኋላ ሁለት ስኒ የሚሆን አትክልት ይበቃል። ከዚያ በላይ የጨመረ ሰው ማያያዣውን እያሳነሰ መሆኑን ይወቅ። ነጭ ሽንኩርት፣ ደቀቅ ያለ ቃሪያ፣ ትኩስ የድንብላል ቅጠል፣ የተፈጨ ከሙን እንደ ፍላጎት ይግባ። ጨው ሁለት የሻይ ማንኪያ ገደማ ይሁን፤ አትክልቱ ላይ የተነሰነሰው ግን ከዚሁ ሒሳብ ይቀነስ። ለመጥበስ ስትቃረቡ ግማሽ የሻይ ማንኪያ ቤኪንግ ፓውደር ብትጨምሩ ውስጡ ይነፋፋል። የተለወሰው ሊጥ ግማሽ ሰዓት ያህል ፍሪጅ ውስጥ ቢያርፍ ቅንጣቶቹ የቀረውን ውሃ ይመጥጣሉ፤ ለማድቦልቦልም ይመቻል።

ይህን ሁሉ ሲሰሙ፣ «ሽሮ ቤታችን እያለ ለምን በሽሮ ዱቄት አንሠራውም?» የሚሉ ይኖራሉ። ሐሳቡ ጥሩ ነው፣ ምክንያቱም መፍጫ የሌለው ቤት ብዙ ነው። ነገር ግን ሽሮ የሚዘጋጀው ከታመሰ ጥራጥሬ ነው፤ በርበሬውና ቅመሙም ቀድሞ ገብቶበታል። በርበሬ በጋለ ዘይት ቶሎ ያርራል፣ ይመራልም። መፍጫ ለሌላቸው የሚሻለው የሕንዶቹ መንገድ ነው። ያልታመሰ ሽምብራ ወፍጮ ቤት ወስዶ ማስፈጨት፣ ከዚያ በቀጭኑ የተከተፈውን ሽንኩርትና ጎመን በጨው አሽቶ፣ ከራሱ በወጣው ውሃ ላይ ዱቄቱን በጥቂት በጥቂቱ መነስነስ። እዚህ ላይ የአትክልቱ ውሃ ይጠቅማልና አይጨመቅም፤ ደረቁ ዱቄት የሚፈልገውን ውሃ የሚያገኘው ከዚያው ነው። ሌላ ውሃ የሚጨመረው አትክልቱ በዱቄቱ ተሸፍኖ አልያያዝ ካለ ብቻ ነው፤ ያም በማንኪያ። ሁለቱ አሠራሮች ተቃራኒ ቢመስሉም ሕጋቸው አንድ ነው። ስታርቹ ጥሬ ይሁን፣ ውሃው ለሱ ከሚያስፈልገው አይብለጥ።

ዘይቱ የውሃው መውጫ ነው። ተስማሚው ሙቀት ከ170 እስከ 180 ዲግሪ ነው። ባጊያው ሲገባ ላዩ ላይ ያለው ውሃ ወዲያው ወደ እንፋሎት ይለወጣል፤ የምናየው አረፋ እሱ ነው። እንፋሎቱ ወደ ውጭ እየገፋ እስካለ ድረስ ዘይት ወደ ውስጥ በቀላሉ አይገባም። ላዩ ሲደርቅ ሙቀቱ ከ140 ዲግሪ ያልፋል፤ ወርቃማው ቀለምና ደስ የሚለው ሽታ የሚመጡት ያን ጊዜ ነው። መሃሉ ግን ውሃ ስላለው ውሃ ከሚፈላበት ሙቀት አያልፍም፤ ስለዚህ ይበስላል እንጂ አይደርቅም። የሙቀት መለኪያ የሌለው ሰው የእንጨት ማንኪያ እጀታ ዘይቱ ውስጥ ያስገባ። ዙሪያውን ጥቃቅን አረፋ ቶሎ ቶሎ ካወጣ ደርሷል፤ ዘይቱ ከጨሰ ደግሞ አልፏል፣ እሳቱ ይቀነስ። ትልቁ ስሕተት መጥበሻውን መሙላት ነው። በአንዴ ብዙ ቀዝቃዛ ሊጥ ሲገባ የዘይቱ ሙቀት ይወርዳል፣ ላዩ ቶሎ አይደርቅም፣ ባጊያው ዘይት ውስጥ ብዙ ስለሚቆይም ቅባቱ ይበዛል። አምስት ስድስቱን አስገብታችሁ፣ አንዴ ብቻ አገላብጣችሁ፣ ወርቃማ ሲሆን አውጡ። ዘይቱ በብዛት ወደ ውስጥ የሚገባው ከወጣ በኋላ፣ በመቀዝቀዣው ጊዜ ነው። ውስጡ ያለው እንፋሎት ሲቀዘቅዝ ላዩ ላይ የቀረውን ዘይት ይስባል። ስለዚህ ባጊያውን ወዲያው በወንፊት ወይም በሽቦ ላይ አንጥፉት። ሰሃን ላይ ደራርቦ መክደን ደግሞ እንፋሎቱን መልሶ ማብላት ነው፤ የተደከመበት ኩርሽምታ በአሥር ደቂቃ ይጠፋል።

«ዘይት በዚህ ዋጋ!» የሚለው ተቃውሞ በቀላሉ የሚታለፍ አይደለም። ሊትሩን ሙሉ የሚፈስስበት የሬስቶራንት መጥበሻ ግን ለቤት አያስፈልግም። ባጊያውን ጠፍጠፍ አድርጋችሁ ብትሠሩት አንድ ጣት ከፍታ ያለው ዘይት ይበቃዋል፤ ከግራና ከቀኝ አገላብጦ መጥበስ ነው። የተረፈው ዘይት ሲቀዘቅዝ በጨርቅ ተጣርቶ፣ ብርሃን በማይነካው ዕቃ ቢቀመጥ አንድ ሁለት ጊዜ ደግሞ ያገለግላል። የጠቆረ፣ የሚያጣብቅ፣ ሳይግል የሚጨስ ወይም ሽታው የተለወጠ ዘይት ግን መጣል አለበት፤ ደጋግሞ የተቃጠለ ዘይት ለጤና ጎጂ የሆኑ ነገሮችን ያፈራልና ቁጠባው አያዋጣም። መጥበሻው እሳት ከያዘ ደግሞ ምድጃውን አጥፍታችሁ ክዳኑን ክደኑበት። ውሃ በፍጹም እንዳታፈሱበት፤ እሳቱን ይበትነዋል።

የመጨረሻው ተቃውሞ የጤና ነው፤ የተጠበሰ ነገር ሁሉ መጥፎ ነው ይባላል። የተጠበሰ ምግብ ቅባት እንዳለው አልክድም፤ በየቀኑ ይበላ የሚልም የለም። ሆኖም ባጊያን ማመዛዘን ያለብን በቦታው ከሚበላው ጋር ነው። ልጆች ከትምህርት ቤት ሲመለሱ ከሚገዙት የድንች ቺፕስ ወይም ከቦምቦሊኖ ጋር ሲነጻጸር ባጊያ ብዙ ይበልጣል። ደረቅ ሽምብራ ከክብደቱ 20 በመቶ ያህሉ፣ ባቄላ ደግሞ 25 በመቶ ያህሉ ፕሮቲን ነው፤ አንጀት የሚያጸዳው ቃጫም አላቸው። የካሮትና የጎመን ካሮቲን በሰውነት ውስጥ በደንብ የሚመጠጠው ቅባት ሲያገኝ ነው፤ ትንሹ ዘይት እዚህ ላይ ሥራ አለው። የጥራጥሬው ፕሮቲን ላይሲን የሚባለው አሚኖ አሲድ ሲበዛበት፣ ሰልፈር ያላቸው አሚኖ አሲዶች ያንሱታል፤ የእህሉ ደግሞ ተቃራኒ ነው። ስለዚህ ባጊያን በእንጀራ ወይም በዳቦ ጠቅልሎ መብላት ጉድለቱን ይሞላል። ከጎኑ ጥሬ ቲማቲምና ቃሪያ በሎሚ ቢቀርብ፣ በውስጣቸው ያለው ቫይታሚን ሲ የጥራጥሬው ብረት እንዲመጠጥ ይረዳል። በምድጃ መጋገር የሚፈልግ ሰው ላዩን ዘይት ቀብቶ በ200 ዲግሪ ቢያስገባው ይበስላል፤ ከዘይት እንደወጣው ያህል ኩርሽም አይልም፣ ደረቅ ይላል እንጂ። ይህን አውቆ የሚመርጥ ይምረጥ።

በአገራችን ባጊያን በየቤቱ ለማስገባት የጎደለ ነገር ያለ አይመስለኝም። ኢትዮጵያ ባቄላ በማምረት በዓለም ከቻይና ቀጥላ የምትጠቀስ፣ በሽምብራም በአፍሪካ ቀዳሚ የሆነች አገር ናት። ረቡዕና አርብ፣ የዐቢይ ጾም 55 ቀናትና የረመዳን ወር የሚጾምባት አገርም ናት። ጥራጥሬው አለ፣ የሚበላውም ሰው አለ። ያልነበረን አሠራሩን በትክክል መያዝ ነው።

እንግዲህ አድማጮቻችን፣ ነገ ልትሞክሩት ያሰባችሁ ሽምብራውን ዛሬ ማታ ከመተኛታችሁ በፊት ለቅማችሁ ዘፍዝፉት። ነገ ስትፈጩት ውሃ አትጨምሩበት፤ ከሊጡ መጀመሪያ አንዲት ብቻ ጠብሳችሁ ቅመሱ፣ ጨውም ሆነ ቅመም ቢጎድል ያን ጊዜ ይስተካከላል።